ክፍል አራት ያልነበረው ልብ ወለድ

ዘመን አይሽሬ የሚባሉት የእንግሊዝኛ ልብ ወለዶች ዕድሜያቸው የረዘመው ታላቅ ስለሆኑ አይደለም። ረጃጅም ስለሆኑ ነው። ሰው ያልጨረሰውን መጽሐፍ መርሳት ይቸግረዋል፤ እነዚህን መጻሕፍት ደግሞ ከጀመራቸው ሰው ውስጥ የሚጨርሳቸው ጥቂቱ ነው። የቀረው ሕዝብ «አንድ ቀን እጨርሰዋለሁ» እያለ ዕድሜውን ሙሉ ያስታውሳቸዋል። ታላቅነት የሚባለው ነገር ከዚህ የተለየ መሆኑን እስከ ዛሬ ያስረዳኝ ሰው የለም።

ሌላም በተለምዶ የሚባል ነገር አለ። በደርግ ጊዜ የእንግሊዝኛ ልብ ወለድ የሚነበበው በድብቅ፣ ከፍራሽ ሥር ተወሽቆ፣ የቀይ መጽሐፍ ሽፋን ለብሶ ነበር ይባላል። እኩዮቼ ለልጆቻቸው እንዲህ ነው የሚያወሩት፤ አንዳንዶቹም ጽፈውታል። ሌላ ቦታ የሆነውን አላውቅም። እኛ ናዝሬት ውስጥ ያነበብነው ግን በጠራራ ፀሐይ፣ በሥራ ሰዓት፣ በቃለ ጉባኤ ነው።

አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ ዩኒቨርሲቲ የሚያስገባ ውጤት ሳላመጣ ስቀር፣ በቀበሌያችን ያለው የልብስ ሰፊዎች ኅብረት ሥራ ማኅበር ጸሐፊ አድርጎ ቀጠረኝ። ማኅበሩ ከባቡር ጣቢያው ብዙም በማይርቅ የቆርቆሮ መጋዘን ውስጥ ሃያ ያህል በእግር የሚረገጥ የስፌት መኪና ደርድሮ የተማሪ ዩኒፎርምና የአብዮት ጥበቃ ካኪ ይሰፋል። የእኔ ሥራ ደብዳቤ መጻፍና ቃለ ጉባኤ መያዝ ነበር። በዚያ ዘመን ያልተሰፋ ሱሪ ይቅርታ ያገኝ ነበር፤ ያልተያዘ ቃለ ጉባኤ ግን አያገኝም። ስለዚህ መርፌ መያዝ የማልችለው እኔ ከሰፊዎቹ ሁሉ የምፈለግ ሰው ሆንኩ።

በየሳምንቱ ረቡዕ ከሰዓት በኋላ የውይይት ሰዓት ነበረን። ከቀበሌ የሚላከውን ጽሑፍ ማንበብ፣ መወያየትና ምን ትምህርት እንደተገኘበት ጽፎ መላክ ግዴታ ነው። ጽሑፎቹ ምን ይሉ እንደነበር ዛሬ ብትጠይቁኝ አላውቅም፤ አንባቢው ግን እኔ ነበርኩ። ሰፊዎቹ መኪናቸውን አቁመው፣ እጃቸውን አጣምረው ይቀመጣሉ፤ ከሩብ ሰዓት በኋላ ግማሹ ያንቀላፋል። ሊቀመንበራችን ስፌትን ከጣልያን ሰፊ ሥር የተማሩ፣ ኦሮምኛና አማርኛን በአንድ ዓረፍተ ነገር የሚገጥሙ ሽማግሌ ነበሩ። እሳቸውን የሚያንገበግባቸው የሠራተኛው ማንቀላፋት ሳይሆን የእጁ ሥራ መፍታት ነው። አንድ ቀን ጠሩኝና፣ ከእንግዲህ ቁልፍ መትከልን፣ ጠርዝ ማጠፍን፣ የእጅ ሥራ የተባለውን ሁሉ ለረቡዕ እንደሚያስቀምጡ፣ እኔም ሰው እየሠራ የሚያዳምጠው፣ የጭቁኖችን ኑሮ የሚያሳይ ጽሑፍ እንድፈልግ አዘዙኝ።

«ረጅም ይሁን» አሉ፤ ወደ በሩ ስሄድም ደገሙት። «በየሳምንቱ አዲስ መፈለግ አልችልም።»

መናኸሪያው አጠገብ መጽሐፍ የሚያከራይ ሰውዬ ነበር። ወፍራም መጽሐፍ እጁ ሲገባ በምላጭ አራት ቦታ ይከፍለዋል፤ እያንዳንዱን ክፍል በሲባጎ ሰፍቶ የሲሚንቶ ከረጢት ወረቀት ያለብሰዋል፤ በላዩ ላይ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት ብሎ በቀይ እስክሪብቶ ይጽፍበታል። አንዱን መጽሐፍ በአንድ ጊዜ ለአራት ሰው ማከራየት እንዲችል ነው። ሲቆርጥ ውፍረቱን እንጂ ምዕራፉን አይመለከትም። አንዳንዱ ደንበኛ ክፍል ሦስትን ቀድሞ ካገኘ ከዚያው ይጀምራል፤ በዚህ ቅር የተሰኘ ሰው አላየሁም። እኔም ከመደርደሪያው ላይ ከሁሉም የወፈረውን ክፍል አንድ መርጬ ተከራየሁ። የፊት ሽፋኑ ስላልነበረ የደራሲውን ስም አላወቅኩም፤ ርዕሱ ብቻ በየገጹ አናት ላይ ነበር።

ታሪኩ በአጭሩ ይህ ነው። በእንግሊዝ ገጠር የምትኖር አንዲት ወይዘሪት አለች። ያጫት ወጣት የመሬት ቀያሽ ነው፤ ሩቅ አገር ለሥራ ሄዷል። ደብዳቤው መጀመሪያ በየወሩ፣ ቀጥሎ በየመንፈቁ ይመጣል፤ ከዚያ ይቆማል። በዚህ መካከል ሚስቱ የሞተችበት፣ ወፍጮ ያለው፣ ደግ ግን አሰልቺ ሰው ላግባሽ ይላታል። አክስቷ፣ ቄሱና የቄሱ ሚስት እያንዳንዳቸው ምክር አላቸው። ይኸው ነው። በዚህ ላይ አራት መቶ ገጽ ዝናብ ጨምሩበት።

በየረቡዑ ጠረጴዛዬን ወደ መሐል አምጥቼ፣ እንግሊዝኛውን በዓይኔ እያየሁ በአማርኛ እናገራለሁ። የማላውቀው ቃል ሲያጋጥመኝ ዝናብ አደርገዋለሁ። ሲያልቅ ምን ትምህርት እንደተገኘ እጽፋለሁ። የወይዘሪቷ አክስት የፊውዳሉ ሥርዓት ርዝራዥ መሆኗ ተገምግሟል ብዬ የጻፍኩበት ቃለ ጉባኤ ትዝ ይለኛል። ቄሱ የረባ ሥራ እንደማይሠራ በሙሉ ድምፅ የታወቀበትም ነበር።

የቀበሌው ካድሬ አንድ ረቡዕ ሳያስጠነቅቅ ገባ። ሊቀመንበሩ መቀስ እንደያዙ ቆሙ። ካድሬው ከጀርባ ተቀምጦ አንድ ሰዓት ሙሉ አዳመጠ፤ ከዚያ እጁን አውጥቶ፣ ባለወፍጮው ከበርቴ ነው ወይስ ንዑስ ከበርቴ ብሎ ጠየቀ። ሊቀመንበሩ ወፍጮው ባለአንድ ድንጋይ መሆኑን አስረዱ፤ ንዑስ ከበርቴ ነው ተባለና ተመዘገበ። በሚቀጥለው ረቡዕም ካድሬው መጣ። በሦስተኛው ሳምንት ስብሰባ እንዳለበት ነግሮኝ ያመለጠውን ክፍል እንድተርክለት ቢሮው ድረስ አስጠራኝ።

ዛሬ ያንኑ መጽሐፍ በአዲስ እትም ብትገዙት፣ የግርጌ ማስታወሻው ብቻ አንድ መጽሐፍ ይወጣዋል። የፈረስ ጋሪ ምን ዓይነት እንደነበር ያብራራል። ለጋብቻ ሽማግሌ ወይም ዘመድ ለምን እንደሚላክ ያብራራል። ደብዳቤ ሦስት ወር ሊፈጅ ይችል እንደነበር፣ ያላገባች ሴት ሃያ ስምንት ዓመት ሲሞላት ጎረቤቱ ሁሉ ለምን እንደሚጨነቅ በቁጥር በቁጥር ያስረዳል። ናዝሬት ውስጥ ጋሪ ምን እንደሆነ የሚጠይቅ ሰው አልነበረም፤ ሰፊዎቹ ወደ ሥራ የሚመጡት በእሱ ነው። የእንግሊዝ ወጣት ማስታወሻ የሚያስፈልገውን ሁሉ እኛ ከጎረቤት እናገኘው ነበር። ያልገባን ነገር አንድ ብቻ ነው፤ እነዚያ ሰዎች ከሰዓት በኋላ ምን እንደሚሠሩ። እሱን ደግሞ ማስታወሻውም አያብራራም።

ከሰፊዎቻችን መካከል የቁልፍ ቤት፣ የልብስ ቁልፍ የሚገባበትን ቀዳዳ፣ በእጅ የምትሠራ ሴት ነበረች። ሃያ ስምንት ዓመቷ ነው። የእሷን የቁልፍ ቤት ገልብጣችሁ ብታዩት ፊቱን ከጀርባው አትለዩትም። ረቡዕ የእጅ ሥራ ቀን ስለሆነ ያን ቀን የመጋዘኑ ንግሥት እሷ ነበረች። ቤተሰቧ ፕሮቴስታንት ነው፤ ቤተ ክርስቲያናቸው ስለታሸገ እሑድ እሑድ ለቅሶ እንደሚደርስ ሰው ነጠላ አዘቅዝቀው አንድ ቤት ይሰበሰቡ ነበር። እጮኛዋ ለትምህርት ወደ ሶቭየት ኅብረት ከሄደ አምስተኛ ዓመቱን ይዟል፤ ደብዳቤው ከቆመ ሁለተኛውን። በዚያው ሰሞን ሻሸመኔ ጨርቅ የሚሸጥ፣ ሚስቱ የሞተችበት፣ የሁለት ልጆች አባት ሽማግሌ ላከባት። ሽማግሌዎቹ «ታስብበት» ተብለው ተመልሰዋል፤ ከፋሲካ በኋላ መልስ ሊሰሙ ይመጣሉ።

እንግዲህ ታላላቅ መጻሕፍት የሕይወታችን መስታወት ናቸው የሚሉ ሰዎች እዚህ ጋ ይደሰቱ ይሆናል። አይደሰቱ። መጽሐፉ እሷን አይመስልም ነበር። ወይዘሪቷ አሥራ ሁለት ክፍል ያለው ቤት አላት፤ ችግሯ ቀኑ አልመሽ ማለቱ ነው። ይህችኛዋ የምትሠራው የካኪ ቁልፍ ቤት ነው፤ ቀኑ ሳይበቃት ይመሻል። የሚያመሳስሏቸው ሰፊዎቹ ናቸው። የባልደረባቸውን ጉዳይ በግልጽ ማንሳት ነውር ስለሆነ፣ እንግሊዛዊቷን አንስተው ይከራከሩ ጀመር፤ ሲከራከሩ ግን ዓይናቸው የቁልፍ ቤት ሠሪዋ ላይ ነው።

«ወፍጮ ያለው ሰው እምቢ ይባላል?» ይላል ኮሌታ ሰፊው፣ ከሁሉም ወፍራሙ። «ወረፋ የለ፣ ካርድ የለ።»

«አንተማ ለዱቄት ብለህ ታገባለህ» ትለዋለች ከወንጂ በኩል የመጣችው ሱሪ ቆራጭ።

«በዚህ ጊዜ ለሌላ ምን ይገባል?»

«ያ ዋቃ። ሰው ቃል አይገባም? አሁን ልጁ ነገ ቢመጣስ?»

«ከመጣ ዱቄት እንሰጠዋለን።»

መጋዘኑ በሁለት ተከፈለ፤ የጠብቂ ወገንና የአግቢ ወገን። ሊቀመንበሩ ድምፀ ተዐቅቦ አደረጉ። ካድሬው የጠብቂ ወገን ነበር፤ በሶቭየት ኅብረት የሚማር ሰው ይከዳል ማለት ለእሱ የፖለቲካ ጥያቄ ነው። እሷ አንገቷን ደፍታ ትሰፋለች። ክሩን በጥርሷ ስትበጥስ ብቻ ቀና ትላለች።

የካቲት መጨረሻ ላይ ክፍል ሦስት አለቀ። ወይዘሪቷ ለባለወፍጮው መልሷን ጽፋለች። አሽጋዋለች። ለአሽከሯ ልትሰጥ በሩን ከፈተች፤ ውጭው እየዘነበ ነው፤ «ይህን ደብዳቤ» ብላ ጀመረች፤ በዚያው የምላጩ ሰውዬ ቆርጦታል። ደብዳቤው ምን እንደሚል ደራሲው አልነገረንም። በማግስቱ ክፍል አራትን ልከራይ ስሄድ፣ አከራዩ አንድ የትራክተር መካኒክ ወስዶት እንዳልመለሰ፣ መካኒኩም ዝዋይ ወደሚገኝ የመንግሥት እርሻ መዛወሩን ነገረኝ። ለመያዣ የተወው የቀበቶ ዘለበት ነበር። አሳየኝ።

ይህን ለሰፊዎቹ ስነግራቸው የጠብቂም የአግቢም ወገን በአንድ ድምፅ ሰደበኝ። ዕቃቸውን አስገብተው ወደ ቤት ሲበተኑ ቁልፍ ቤት ሠሪዋ ጠረጴዛዬ ድረስ መጣች። ጥያቄ የምትጠይቀኝ እሷ ብቻ ነበረች፤ ሌሎቹ የሚያዙኝ ናቸው። ፋሲካ ስንት ሳምንት እንደቀረው ጠየቀችኝ። አምስት አልኳት። ክፍል አራትን እስከዚያ አገኘው እንደሆነ ጠየቀችኝ።

«እንዴ፣ በመጽሐፍ ልትወስኚ ነው?» አልኳት።

«ልብ ወለድ መሆኑን አውቃለሁ፣ ወንድሜ። ግን የጠየቅኩት ሰው ሁሉ ከነገሩ የሚፈልገው አለው። አባቴ ሰውየው በሃይማኖት ስለሚመስለን ይፈልጋል። እናቴ ሳላረጅ እንዳገባ ትፈልጋለች። እዚህም ያሉትን ታያቸዋለህ። ይህች ሴት አታውቀኝም። ከእኔ ምንም አትፈልግም። ምን እንዳደረገች ባውቅ ደስ ይለኛል፤ ይኸው ነው።»

ከዚያ ወዲህ ስለ ዘመን አይሽሬ መጻሕፍት ብዙ መግቢያ፣ ብዙ ሐተታ አንብቤያለሁ። ከዚህ የተሻለ ነገር የጻፈ ሊቅ አላገኘሁም። የሞተ ደራሲ የፈጠራት ያልነበረች ሴት፣ በማታውቀው አገር ካለ ሰው ምንም አትፈልግም። በዚያ ዘመን ከሰው ምንም የማይፈልግ ነገር ማግኘት ቀላል አልነበረም። አሁንም አይደለም።

ያን ጊዜ ከከተማ ለመውጣት የይለፍ ወረቀት ያስፈልጋል። ጸሐፊው እኔ ስለሆንኩ ለራሴ ጻፍኩት፤ ሊቀመንበሩ ማኅተም መቱበት። ጉዳዩ በሚለው ቦታ ላይ «የፖለቲካ ትምህርት መጽሐፍ ክፍል አራትን ለማፈላለግ» ይላል። መቂ ኬላ ላይ ያለው ጠባቂ ሁለት ጊዜ አንብቦት ክፍል አራት ስለ ምን እንደሆነ ጠየቀኝ። ማጠቃለያው ነው አልኩት። «ማጠቃለያው ጠፋባችሁ?» አለና ለጓደኛው ጮክ ብሎ ነገረው። ሳቁ ሲያልቅ አሳለፉኝ።

ዝዋይ ስደርስ መካኒኩ አልነበረም፤ ወደ ሌላ እርሻ ተዛውሯል። አልጋው አጠገብ ይተኛ የነበረው ባልደረባው ግን መጽሐፉን ያውቀዋል። መካኒኩ ሲሄድ ትቶት እንደነበር፣ እሱም እንግሊዝኛ ስለማይችል ሐይቁ ዳር ዓሣ ለምትጠብሰው ሴትዮ መስጠቱን ያለ ምንም ሐፍረት ነገረኝ። ሴትዮዋ ጋ ሄድኩ። ከክፍል አራት የቀረው ጥቂት ነበር፤ ሌላውን ዓሣ ጠቅልላ ሸጣዋለች። ወረቀቱን ብቻ ስጪኝ ብላት፣ ዓሣ ሳልገዛ ወረቀት እንደማትሰጥ፣ ወረቀቱ ሥራዋ እንደሆነ አስረዳችኝ። ስለዚህ በላሁ። አራት ቆሮሶ ዓሣ ጨርሼ አምስት ቅጠል ይዤ ተነሣሁ። በዘይት ከራሱት ገጾች ውስጥ አንዱ ስለ አትክልት ቦታ ነው። ሁለቱ ስለ እራት ናቸው። አንዱ ስለ ዝናብ ነው። አምስተኛው ላይ ወይዘሪቷ «አልጸጸትም» ትላለች፤ በምን እንደማትጸጸት የሚናገረው ቅጠል ከአንድ ዓሣ ጋር ወደ አንድ ሰው ቤት ሄዷል።

ናዝሬት ስገባ ክፍል አራት ተገኘ ብዬ አወራሁ።

ለምን እንደዋሸሁ ብዙ ምክንያት መደርደር እችላለሁ። እውነቱን ግን አውቀዋለሁ፤ ሻሸመኔ እንድትሄድ አልፈለግኩም። ፍቅር ነበር አልልም፤ እንደዚያ ለማለት ያን ጊዜም ድፍረቱ አልነበረኝም። እሷ ከሄደች ረቡዕ ከሰዓት በኋላ ምንም የማይጠይቁ ሃያ ሰዎች ይቀሩኝ ነበር። ምንም አትፈልግም ወደተባለችው ሴት አፍ ውስጥ የራሴን ፍላጎት ጨመርኩ። አምስቱን ቅጠልና የተረፈ የቃለ ጉባኤ ወረቀት አንድ ላይ ሰፍቼ የሲሚንቶ ከረጢት አለበስኩትና «አራት» ብዬ ጻፍኩበት። ከዚያ ሦስት ረቡዕ ያልተጻፈ ወረቀት እየገለጥኩ አነበብኩ።

በእኔ ክፍል አራት ወይዘሪቷ ባለወፍጮውን አመስግና እምቢ ትለዋለች። አክስቷ ታለቅሳለች። ቄሱ ይናደዳል። ከዚያ ወይዘሪቷ መስኮቱ አጠገብ ወንበር አስመጥታ ትቀመጣለች፤ ክረምት ይመጣል፤ ጸጉሯ ይሸብታል፤ ቀያሹ ይመጣል ወይም አይመጣም፤ እሷ ግን አልጸጸትም ትላለች። በዚያች ቃል ኮርቼ ነበር፤ ከሁሉም እውነተኛዋ እሷ ብቻ ነበረች። የጠብቂ ወገን አሸነፈ። ሱሪ ቆራጯ ዓይኗን ጠራረገች። ኮሌታ ሰፊው ደራሲው ወፍጮ ቤት ተሰልፎ የማያውቅ ሰው መሆኑን ተናግሮ ቁልፉን ወረወረ። ካድሬው ጽናቱን አደነቀ፤ የወይዘሪቷ ጽናት ለጭቁን ሴቶች አርአያ መሆኑ ተገምግሞ ተመዘገበ። ቁልፍ ቤት ሠሪዋ ክሯን በጥርሷ በጠሰችና ሌላ ክር መርፌው ውስጥ አስገባች።

ከፋሲካ በኋላ ሽማግሌዎቹ መጡ። እሺ አለች።

በሥራዋ የመጨረሻ ቀን መቀሷን በጨርቅ ጠቅልላ ልትሰናበተኝ ስትመጣ አላስቻለኝም።

«መጽሐፉስ?» አልኳት። «እሷ እኮ ጠበቀች።»

«ጠበቀች» አለች። «መስኮቱ አጠገብ መቀመጧን ስታነብልን፣ አየኋት። ፊቷን ሁሉ አየሁት። እንደዚያ መሆን አልፈልግም አልኩ። ደግሞ እሷ አሥራ ሁለት ክፍል አላት፣ ትችላለች። እኔ የት ነው የምቀመጠው?»

ለእኔ እንድትቀር የሠራሁት መስኮት ነው ያስኬዳት። ልብ ወለድ ቢሆን ኖሮ እጮኛዋ በሠርጓ ማግስት ሻንጣ ይዞ ከባቡር ይወርድ ነበር። አልወረደም። እስከ ዛሬም አልወረደም። የክፍል አራት የውሸት ወረቀቶች ማኅበሩ ሲፈርስ ከሌላው ፋይል ጋር የት እንደገቡ አላውቅም።

ብዙ ዓመት አለፈ፤ መንግሥት ተለወጠ፤ ናዝሬትም አዳማ ተባለች። አንድ ቀን ፖስታ ቤቱን አልፌ ስሄድ መጽሐፍ መሸጫ መስኮት ውስጥ ያንን ርዕስ አየሁት። አዲስ እትም ነው፤ ሽፋኑ ይንጸባረቃል፤ ጀርባዋን የሰጠች ሴት ፎቶግራፍ አለበት፤ በእንግሊዝ አገር ሴቶች ፊታቸውን ለመጽሐፍ ሽፋን መስጠት ያቆሙ ይመስላል። ምላጭ ያልነካው፣ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻው ያለ፣ ሳይሰፋ የቆመ መጽሐፍ ነበር። እዚያው ቆሜ ገለጥኩት። መጀመሪያ ላይ የአንድ ፕሮፌሰር ሠላሳ ገጽ መግቢያ አለ፤ ዛሬ የሚታተሙት ሁሉ ይህ አላቸው። ፕሮፌሰሩ መጽሐፉን እንደሚወድ ከተናገረ በኋላ፣ በመጀመሪያው ገጽ ሦስተኛ አንቀጽ ላይ፣ ወይዘሪቷ ባለወፍጮውን ማግባቷ የመጽሐፉ ድክመት መሆኑን ጽፏል።

አግብታዋለች። «አልጸጸትም» ያለችውም ያንን ነው።

ገዛሁትና ቤቴ ሄጄ ክፍል አራትን ለመጀመሪያ ጊዜ አነበብኩ። ፕሮፌሰሩ ተሳስቷል፤ ፍጻሜው ደካማ አይደለም። ሴትዮዋ በሩን ከፍታ ለአሽከሯ ደብዳቤውን ስትሰጥ፣ ለምን እሺ እንዳለች ለራሷ የምትለው ነገር አለ። ጠቅላላ ሐሳቡ አንዲት ቁልፍ ቤት ሠሪ ናዝሬት ውስጥ መቀስ ጠቅልላ የነገረችኝ ነው። ደራሲውና እሷ ተስማምተዋል። የተሳሳትኩት እኔና ፕሮፌሰሩ ነን።

ባለፈው ዓመት ለሥራ ሻሸመኔ ሄጄ ሱቃቸው ገባሁ። ባሏ ከጨርቅ ጥቅሎቹ ጀርባ ተቀምጦ ሬዲዮ ያዳምጣል። ወንበር አስመጣችልኝ። ደግ እንደሆነ ነገረችኝ፤ ቀጥላም ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ አሰልቺም እንደሆነ ነገረችኝና ሳቀች። ሦስት ልጅ ወልዳለታለች፤ የሞተችውን ሚስቱን ሁለት ልጆች አሳድጋለች። ስለ ናዝሬት ሰዎች ጠየቀችኝ፤ ከዚያ ሳላስበው ስለዚያች ወይዘሪት አነሳች።

«አንዳንዴ ታሳዝነኛለች» አለች። «እስከ ዛሬ እዚያ መስኮት አጠገብ ያለች ይመስለኛል። ልብ ወለድ ናት፣ አውቃለሁ። ለልጆቼ ግን እነግራቸዋለሁ። አባቴ የሚለውን፣ እናቴ የምትለውን፣ መጋዘን ሙሉ ሰው የሚለውን ሰማሁ፤ መጽሐፉ ሳይቀር ጠብቂ አለኝ። እኔ ግን የራሴን አደረግኩ እላቸዋለሁ።»

አፌን ከፍቼ ነበር። ባሏ ሬዲዮውን ዝቅ አድርጎ ሻይ ላስመጣላችሁ ወይ አለን፤ አዎ አልኩ፤ ሻይ ጠጣሁ፤ ተሰናብቼ ወጣሁ። ያደረግኩትን መናዘዝ ለእኔ ጥሩ ነበር፤ ቀለል ብሎኝ አውቶቡስ እሳፈር ነበር። ለእሷ ግን ምን ይተርፋታል? ከሃያ ሰውና ከአንድ መጽሐፍ በተቃራኒ የቆመችበትን ብቸኛ ቀን ወስጄ፣ ልክ መጽሐፉ እንዳለው ነው ያደረግሽው ብላት?

አሁን ችግር የሆነችው ትልቋ ሴት ልጇ ናት። ዩኒቨርሲቲ እንግሊዝኛ ታስተምራለች። ባለፈው ወር ደወለችልኝ፤ እናቷ ስድሳ ዓመት ሊሞላት ነው፤ ያንን መጽሐፍ በሚያምረው በአዲሱ እትም ገዝታ፣ መጨረሻውን ራሷ በአማርኛ ልታነብላት ትፈልጋለች። እናቷ ርዕሱን አታውቀውም፤ እኔ ሁልጊዜ «መጽሐፉ» ነበር የምለው። ረሳሁት አልኳት። ሙያዋ ነውና አላመነችኝም። የድሮ ሰፊዎችን፣ መጽሐፍ ሻጮችን፣ ያገኘችውን ሁሉ እንደምትጠይቅ ነገረችኝ።

ከእናንተ መካከል እነዚያን ረቡዖች ያስታወሰ፣ ወይም ከነገርኳችሁ ታሪክ መጽሐፉን የለየ ይኖራል። ግዙት፣ አንብቡት፤ መግቢያውን ዝለሉት። ልጅቷ ስትመጣ ግን አላውቅም በሏት። ለእናቷ ስጦታ ከፈለገች ጫማ ትግዛላት። የመጽሐፉን ስም አትንገሯት።